የበሶው ከረጢትና «ክራክ» የተደረገው ሶፍትዌር

እኛ የጋዜጠኝነት ተማሪዎች «ሌይአውት» ሲባል ወዲያው ትዝ የሚለን የጋዜጣ ገጽ ነው። ዓምድ፣ ርዕስ፣ ፎቶ፣ የፎቶ መግለጫ። ነገር ግን ጋዜጣውም፣ የበርበሬው ከረጢትም፣ የማር ጠርሙስ ላይ የሚለጠፈው ወረቀትም የሚገቡት በአንድ በር ነው፤ እሱም ፕሪፕሬስ የሚባለው፣ ከኅትመት በፊት ያለው የዝግጅት ሥራ ነው። እዚያ በር ላይ ፊደሉ ይስተካከላል፣ ቀለሙ ይለያያል፣ ፋይሉ ለፕሌት ይዘጋጃል። በዚህች ጽሑፍ ላነሳው የፈለግኩት ሥራው ስለሚሠራበት መሣሪያ ነው። መሣሪያው ደግሞ በአገራችን ብዙውን ጊዜ በገንዘብ የተገዛ አይደለም፤ ከፍላሽ ወደ ፍላሽ እየተገለበጠ የመጣ፣ መቆለፊያው የተሰበረ፣ በእኛ አነጋገር «ክራክ» የተደረገ ሶፍትዌር ነው።

ለመሆኑ ይህ ነገር የጋዜጠኝነት ተማሪን ምን አገባው? የሚል ይኖራል። በበኩሌ ሁለት ምክንያት አለኝ። አንደኛው፣ ከዚህ ተመርቀን ስንወጣ ሁላችንም ሬዲዮ ጣቢያ አንገባም፤ አንዳንዳችን ሕዝብ ግንኙነት ቢሮ ገብተን ብሮሹርና ባነር ማሠራታችን አይቀርም። ሁለተኛው ደግሞ አገር ቤት ያየሁት ነገር ነው።

እኔ ያደግኩት ደባርቅ ነው። ደባርቅን የሚያውቅ ሰው ገብሷንም ያውቃል። ከሰሜን ተራሮች ግርጌ ጀምሮ እስከ ዳባት ያለው ደጋ ገብስ፣ ባቄላና ነጭ ሽንኩርት አያጣም። ገብሱ ደግሞ በሶ ይሆናል። በሶ ድሮ የመንገደኛ ስንቅ ነበር፤ ተቋጥሮ ይኬዳል፣ ምንጭ ዳር በውኃ ይበጠበጣል፣ አለቀ። አሁን ግን ከተማ ያለው ሰው ከሱቅ ገዝቶ ይበላዋል። ታዲያ ሱቅ ሲገባ ስም፣ ክብደት፣ የተመረተበት ቀን፣ የሚያበቃበት ቀን፣ ስልክ ቁጥር ይፈልጋል። በፌስታል ቋጥሮ መሸጥ ድሮ ቀረ ማለት ይቻላል፤ ፌስታሉም ራሱ በ2017 ዓ.ም. የተወካዮች ምክር ቤት ባጸደቀው የደረቅ ቆሻሻ አዋጅ ታግዷል። ስለዚህ የወረቀት ከረጢትም ሆነ ሌላ ማሸጊያ የሚያሠራ ሰው ወደፊት እየበዛ እንጂ እያነሰ አይሄድም።

አክስቴ በሶ ታዘጋጃለች። የከረጢቷን ዲዛይን ያሠራችው ከተማው ውስጥ ካለ አንድ ኮምፒውተር ቤት ነው። ቆንጆ ነበር፤ የገብስ ዛላ፣ ከኋላው ተራራ፣ አንዲት ጭላዳም ጥግ ላይ ተቀምጣ ነበር (ጭላዳ በሶ ትበላለች ወይ ብዬ ጠይቄ ተቆጥተውኛል)። የመጀመሪያው ዙር ታትሞ አለቀ። ሁለተኛው ዙር ሁዳዴ ሊገባ ሁለት ሳምንት ሲቀረው ታዘዘ፤ በሶ የጾም ምግብ ስለሆነ ገበያው ያን ጊዜ ነው። ስልክ ቁጥሯ ስለተቀየረ ዋናው ፋይል ተከፍቶ መታረም ነበረበት። ኮምፒውተር ቤት ስትሄድ ግን ልጁ አንገቱን ደፍቶ ጠበቃት።

«እትዬ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝ፤ ፋይሉን ቫይረስ በላው» አላት።

«ቫይረስ ደግሞ ከመቼ ወዲህ ነው በሶ የሚበላው?» አለች አክስቴ። 

ልጁ ያሳየኝን እኔም አይቼዋለሁ። በኮምፒውተሩ ውስጥ ያለው ፋይል ሁሉ፣ የሠርግ ካርድ በለው የትምህርት ቤት ሰርተፍኬት፣ ከስሙ መጨረሻ አራት ፊደል ተጨምሮበታል፤ አይከፈትም። በየፎልደሩ አንዲት አጭር የጽሑፍ ፋይል ተቀምጣለች። ፋይላችሁ ተቆልፏል፣ መክፈቻውን ከፈለጋችሁ 980 ዶላር ክፈሉ፣ በ72 ሰዓት ውስጥ ካናገራችሁን ግማሹን እንቀንሳለን ትላለች። ቅናሽ ማድረጋቸው ራሱ ያስገርማል።

ይህ ምልክት በዓለም ላይ በደንብ የታወቀ ነው። «ስቶፕ» ወይም «ዲጄቪዩ» እየተባለ የሚጠራ የቤዛ ጠያቂ ቫይረስ ዘር ሲሆን ከእ.ኤ.አ. 2018 አካባቢ ጀምሮ የግለሰቦችንና የትናንሽ ቢሮዎችን ኮምፒውተር ሲያጠቃ የኖረ ነው። ዋናው የመግቢያ በሩም ክራክ የተደረጉ ፕሮግራሞችና የቁልፍ ማመንጫ የሚባሉት ትንንሽ ፋይሎች ናቸው። ልጁም ከሳምንት በፊት የዲዛይን ፕሮግራሙን «አዲሱን ቨርዥን» ከሰው ፍላሽ ጭኖ ነበር።

እዚህ ላይ ቆም ብለን አሠራሩን ማየት ይጠቅማል። የተሰበረ ሶፍትዌር ስንጭን ብዙ ጊዜ አብሮት የሚመጣ የመመሪያ ጽሑፍ አለ። መጀመሪያ ምን ይላል? «አንቲቫይረስህን አጥፋ»። ቀጥሎ «ኢንተርኔትህን አቋርጥ»። ቀጥሎ «ይህችን ፋይል በአስተዳዳሪ መብት ክፈት»። አስቡት እንግዲህ፣ አንድ የማላውቀው ሰው ቤቴ መጥቶ መጀመሪያ ውሻህን እሰር፣ ከዚያ በሩን ክፈት፣ ከዚያ የሣጥኑን ቁልፍ ስጠኝ ቢለኝ እሺ እላለሁ? ኮምፒውተሩ ላይ ግን በየቀኑ እንላለን። የፕሮግራሙን መቆለፊያ የሰበረው ሰው በዚያችው ፋይል ውስጥ ሌላ ምን እንደጨመረ የምናረጋግጥበት መንገድ የለንም። አንዳንዱ ወዲያው ፋይል ይቆልፋል። አንዳንዱ ደግሞ ድምፁን አጥፍቶ በብራውዘሩ ውስጥ የተቀመጡ የይለፍ ቃሎችን ለቅሞ ይልካል፤ ይኼኛው ይብሳል፣ ምክንያቱም ባለቤቱ የሚያውቀው ዘግይቶ ነው። በዚያ ላይ ክራኩ የፕሮግራሙን ማሻሻያ መንገድ ስለሚዘጋው ፋብሪካው በኋላ የደፈነው ቀዳዳ እኛ ዘንድ ክፍት ሆኖ ይቀራል።

አክስቴ ያን ዓመት ሁዳዴን ያለ ከረጢት አሳለፈች። በሶውን በተራ ላስቲክ ሸጠችው፤ ከተማ ያሉት ሱቆች ስም የሌለው ዕቃ አንረከብም አሏት። የከሰረችውን ብር አልነገረችኝም፣ እኔም አልጠየቅኋትም።

ስለ ሕጉም ጥቂት ልበል። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን ጥበቃ ከሚደረግላቸው ሥራዎች መካከል ይቆጥራል። አዋጁ ሲወጣ መብቱን ሆን ብሎ ለጣሰ ሰው ከ5 እስከ 10 ዓመት የሚደርስ ጽኑ እስራት ደንግጎ ነበር፤ በኋላ በአዋጅ ቁጥር 872/2007 ተሻሽሏል። ይሁን እንጂ አዋጁ በቅድሚያ የሚጠብቀው የኢትዮጵያ ዜጋ ወይም ነዋሪ የሆኑ ሰዎችን ሥራ፣ በኢትዮጵያ መጀመሪያ የታተሙትን፣ እንዲሁም አገራችን አባል በሆነችባቸው ስምምነቶች የሚሸፈኑትን ነው። ስለዚህ የአሜሪካ ኩባንያ የሠራው ፕሮግራም እዚህ ምን ያህል ጥበቃ አለው የሚለው የሕግ ሰዎች የሚከራከሩበት ነገር ነው። እንደ ፓወር ግዕዝ ያለውን በአገር ልጅ የተሠራ ሶፍትዌር ያለ ፈቃድ መገልበጥ ግን ምንም አያከራክርም። የሚገርመው ደግሞ ይኼ ነው፤ የአሜሪካኑን ሲጭን ትንሽ የሚሳቀቅ ሰው የአበሻውን ሲገለብጥ ቅር አይለውም። በእርሳስ ፊደል ዘመን የማተሚያ ቤትን ሆሄ ለመውሰድ ሣጥኑን ተሸክሞ መሮጥ ያስፈልግ ነበር።

ወደ ኅትመቱ ጉዳይ ልመለስ፤ ምክንያቱም ክራክ ሶፍትዌር ቫይረስ ባይኖርበትም እንኳ ሌላ ጣጣ አለው። በስክሪን ላይ የምናየው ቀለም ከቀይ፣ ከአረንጓዴና ከሰማያዊ ብርሃን የተሠራ ነው፤ አርጂቢ ይባላል። ማተሚያው ግን ብርሃን የለውም፣ ቀለም ነው ያለው፤ ሳያን፣ ማጀንታ፣ ቢጫና ጥቁር፤ ሲኤምዋይኬ ይባላል። ለእያንዳንዱ ቀለም አንድ አንድ ፕሌት ይወጣል። ከአንዱ ወደ ሌላው የሚተረጉመው የቀለም ፕሮፋይል የሚባል ፋይል ነው። ቦታ እንዳይዝ ተብሎ የተቆራረጠ፣ ሳይጫን ከፍላሽ የሚነሳ ፕሮግራም ላይ እነዚህ ፕሮፋይሎች ተቀንሰው ሊቀሩ ይችላሉ። ዲዛይነሩ ስክሪኑ ላይ የበሰለ ገብስ የመሰለ ወርቃማ ቀለም አይቶ ይልካል፤ ከማተሚያው የሚወጣው የደረቀ ጭቃ የሚመስል ቡኒ ይሆናል። ማንን ይወቅሳል? ማተሚያ ቤቱን።

የጽሑፉ ጥቁር ደግሞ ለብቻው መነሳት አለበት። በአርጂቢ ጥቁር የሆነ ፊደል ሳይስተካከል ወደ አራቱ ቀለም ከተቀየረ ከአራቱም ፕሌት ይታተማል። አራቱ ፕሌቶች በትክክል ካልተደራረቡ፣ ልዩነቷ የፀጉር ያህል ብትሆንም፣ ፊደሉ ዙሪያውን ይደበዝዛል። ለላቲን ፊደል ይህ መልክ ማበላሸት ነው። ለእኛ ፊደል ግን ትርጉም ማበላሸት ነው። «ሱ» እና «ሲ» የሚለዩት በቅጥሏ ቦታ ብቻ ነው፤ መሐል ከሆነች ካዕብ፣ ታች ከሆነች ሣልስ። «ሴ» ደግሞ ከ«ሲ» የሚለየው በታች ባለችው ትንሽ ቀለበት ነው። ቀለበቷ በቀለም ከተደፈነች ኃምሱ ሣልስ ይመስላል፤ በርበሬውም «በርበሪ» ይሆናል። ስለዚህ ትንንሽ ጽሑፍ ሁሉ፣ በተለይ የሚያበቃበት ቀንና የአዘገጃጀት መመሪያው፣ በጥቁር ፕሌት ብቻ መታተም አለበት። ከደማቅ ቀለም ላይ በነጭ የሚወጣ ፊደልም ወፈር ያለ ቅርጽ ይፈልጋል። ይህንን የሚያስተምር የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ብዙ ነው፤ ስለ ቅጥልና ቀለበት የሚነግረን ግን የለም፣ እኛው ራሳችን ማየት አለብን።

የባር ኮዱም ነገር እንዲሁ ነው። ማንበቢያ መሣሪያው ቀይ ብርሃን የሚጠቀም ከሆነ በቀይ ወይም በብርቱካን ቀለም የታተመ መስመር ለእሱ ነጭ ነው፣ አያየውም። ለውበት ብሎ ባር ኮድን ቀይ ማድረግ ባዶ ወረቀት መለጠፍ ነው።

እንግዲህ «እሺ፣ እንግዛው» ቢባልስ? እውነቱን እንነጋገር። አዶቤ እ.ኤ.አ. ከ2013 ወዲህ አዳዲሶቹን ዋና ዋና የዲዛይን ፕሮግራሞቹን የሚያቀርበው በኪራይ ነው፤ ሙሉውን ጥቅል ለመከራየት በወር ከ50 ዶላር በላይ ይጠየቃል። ዶላሩ ከመቶ ብር በላይ ከሆነ ወዲህ ይህ ለደባርቅ ኮምፒውተር ቤት የቤት ኪራይ ነው። ገንዘቡ ቢኖር እንኳ አብዛኛው ሰው የያዘው በብር የሚሠራ ካርድ ለውጭ ክፍያ አይሆንም። ሰው ክራክ የሚጭነው ሌባ ስለሆነ ብቻ ነው የሚለውን ንግግር የማልወደው ለዚህ ነው።

ኪራይም ቢሆን የራሱ ስጋት አለው። በጥቅምት 2019 እ.ኤ.አ. አዶቤ የአሜሪካን መንግሥት ማዕቀብ ጠቅሶ በቬኔዙዌላ ያሉ ደንበኞቹን አካውንት እንደሚዘጋ አስታወቀ፤ ከሳምንታት በኋላ ፈቃድ አግኝቶ ተመለሰ እንጂ ዲዛይነሮቹ ሥራቸውን ለማውጣት ሲሯሯጡ ነበር። በ2022 መጨረሻ ደግሞ የፓንቶን የቀለም መጻሕፍት አብዛኞቹ ከአዶቤ ፕሮግራሞች ወጡ፤ ተጨማሪ ክፍያ ያልከፈለ ሰው የቆየ ፋይሉን ሲከፍት አንዳንዱ ቀለም ጥቁር ሆኖ ጠበቀው። እኛም ዘንድ ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በክልላችን ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ተቋርጦ ነበር። በየጊዜው ኢንተርኔት ላይ ወጥቶ «ከፍያለሁ» ብሎ ማረጋገጫ የሚጠይቅ ፕሮግራም እንዲህ ባለ ጊዜ ምን ይሆናል? ለዚህ ነው በእኔ አስተያየት ለእኛ አካባቢ የሚሻለው አንዴ ተጭኖ ያለ ኢንተርኔት የሚሠራ፣ ፈቃዱም ንጹሕ የሆነ ሶፍትዌር ነው የምለው።

አለ ወይ? አለ።

ለሥዕልና ለዓርማ ኢንክስኬፕ አለ። ነጻ ነው፣ ማንም ሰው በሕግ ሊገለብጠውና ሊያድለው ይችላል። ድክመቱ በአርጂቢ የሚያስብ መሆኑ ነው፤ ከእሱ በቀጥታ ወደ ማተሚያ ቤት መላክ አልመክርም። ለፎቶ ጊምፕ አለ፤ 3.0 የተባለው ትልቅ እትሙ በመጋቢት 2017 ዓ.ም. የወጣ ሲሆን ፎቶው በማተሚያ ቀለም ምን እንደሚመስል ስክሪን ላይ አስቀድሞ ያሳያል። ሁለቱን ሰብስቦ ለማተሚያ የሚያዘጋጀው ግን ስክራይበስ ነው። በእኔ ግምት ከነጻዎቹ መካከል ለፕሪፕሬስ የተሠራው እሱ ነው፤ አራቱን ቀለም ያውቃል፣ ለብቻው የሚታተም ልዩ ቀለም ይቀበላል፣ ማተሚያ ቤቶች የሚፈልጉትን ፒዲኤፍ ኤክስ የሚባለውን ዓይነት ያወጣል፣ ከማውጣቱ በፊትም ስህተት ፈልጎ ይነግራል። መልኩ ግን አያምርም። ለመልመድ ትዕግሥት ይጠይቃል፣ እኔን ሦስት ቀን አናዶኛል።

የአክስቴን ከረጢት በዚህ መንገድ ነው ለእረፍት አገር ቤት ስሄድ ከልጁ ጋር እንደገና የሠራነው። ገብሱንና ተራራውን በኢንክስኬፕ ከታተመው ከረጢት ላይ እያየን ሣልነው፤ ኤስቪጂ አድርገን ወደ ስክራይበስ አስገባነው። ሲገባ እያንዳንዱ ቀለም በዝርዝር ውስጥ በራሱ ስም ይመዘገባል። አንድ በአንድ ከፍተን ወደ አራቱ ቀለም ቀየርነው፤ የፊደሉን ጥቁር ጥቁር ብቻ፣ መቶ በመቶ አደረግነው። ከረጢቱ የሚቆረጥበትንና የሚታጠፍበትን መስመር ለብቻው ሌየር ላይ፣ በልዩ ቀለም አስቀመጥነው፤ ይህ መስመር መመሪያ እንጂ ሥዕል ስላልሆነ ከሥዕሉ ጋር ከተቀላቀለ ታትሞ ይወጣል። የጀርባውን ቀለም ከመቁረጫው በየአቅጣጫው 3 ሚሊ ሜትር አሳለፍነው፤ መቁረጫው ትንሽ ቢስት ነጭ ጠርዝ እንዳይታይ።

ማተሚያ ቤቱ መጀመሪያ «የኢለስትሬተር ፋይል ካልሆነ አንቀበልም» ብሎ ነበር። ፒዲኤፉን እዩት ብለን ላክንላቸው፤ አዩት፣ ተቀበሉት። ፕሌት የሚያወጣው ማሽን ፋይሉ በምን ፕሮግራም እንደተሠራ አይጠይቅም፤ የሚጠይቀው ቀለሙ ተለይቷል ወይ፣ ፎንቱ ውስጥ ገብቷል ወይ፣ የፎቶው ጥራት 300 ዲፒአይ ይሆናል ወይ ነው።

ስለ ፎንት ካነሳን አንድ ነገር ልጨምር። የግዕዝ ፊደል በዩኒኮድ የተካተተው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። ከዚያ በፊት የተሠሩት ፎንቶች ፊደላችንን በላቲን ቁልፎች ቦታ ነበር የሚያስቀምጡት፤ ስለዚህ ፋይሉ ፎንቱ የሌለበት ኮምፒውተር ላይ ሲከፈት «ሽሮ» የሚለው ትርጉም የለሽ የላቲን ፊደልና ምልክት ይሆናል። እስከ ዛሬ በእነዚህ የሚሠሩ ኮምፒውተር ቤቶች አይቻለሁ፤ ፎንቱም ብዙ ጊዜ የተገለበጠ ነው። በምትኩ አቢሲኒካ ኤስአይኤል፣ ኖቶ ሳንስ ኢትዮፒክና ኖቶ ሰሪፍ ኢትዮፒክ በነጻ ይገኛሉ፤ ፈቃዳቸውም ለንግድ ዕቃ ማሸጊያ መጠቀምን ይፈቅዳል። ለከረጢት ኖቶ ሳንስ ይሻላል እላለሁ፣ የተለያየ ውፍረት ስላለው።

ስክራይበስ ለከበደው ሰው ደግሞ አፊኒቲ አለ። ይህ ፕሮግራም ቀድሞ በሽያጭ የሚቀርብ ነበር፤ ካንቫ የተባለው ኩባንያ በመጋቢት 2016 ዓ.ም. ገዛው፣ በጥቅምት 2018 ዓ.ም. ደግሞ ሥዕሉን፣ ፎቶውንና ገጽ ቅንብሩን በአንድ አድርጎ በነጻ ለቀቀው። ሲኤምዋይኬም ፒዲኤፍ ኤክስም ይሠራል፣ መልኩም ኢለስትሬተር ለለመደ ሰው አያስቸግርም። መጀመሪያ ሲጫን በነጻ የካንቫ አካውንት ኢንተርኔት ላይ መመዝገብ ይፈልጋል፤ ከዚያ በኋላ ያለ ኢንተርኔት ይሠራል። የዛሬው ነጻነቱ ነገ እንደሚቀጥል የሚወስነው ግን ኩባንያው ነው፤ ስለዚህ ሥራችሁን በአፊኒቲ ፋይል ብቻ አታስቀምጡ፣ ፒዲኤፍና ኤስቪጂም አውጥታችሁ ያዙ።

አክስቴ አሁን የከረጢቱን ፋይል በራሷ ፍላሽ ይዛለች፤ አንዱ ቤት፣ አንዱ እኔ ጋር። ልጁም ኮምፒውተሩን ፎርማት አድርጎ በስክራይበስ ይሠራል፤ ለሠርግ ካርድ ግን አሁንም ያንኑ አሮጌውን ፕሮግራም እንደሚናፍቅ አልደበቀኝም።

የዲፓርትመንታችን ኮምፒውተር ክፍል ውስጥ ስክራይበስ ቢጫን ለሌይአውት ኮርሱም ለዚህች ቡሌቲንም ይሆናል ብዬ ለአስተባባሪያችን ሐሳብ አቅርቤአለሁ። እስከዚያው የኢንክስኬፕ፣ የጊምፕና የስክራይበስ መጫኛ፣ ከአቢሲኒካና ከኖቶ ፎንቶች ጋር፣ እኔ ዘንድ ስላለ ፍላሽ ይዞ ለሚመጣ ሁሉ እገለብጣለሁ። ፍላሹን ግን መጀመሪያ በቫይረስ ማጥሪያ አሳልፈዋለሁ፣ እንዳትቀየሙኝ።